የኮፓሊስ ዝግባዎች የሞቱበት ሌሊት

ከሲያትል ወደ ፓስፊክ ዳርቻ የሚወስደው መንገድ ኦሎምፒያን ካለፈ በኋላ ከተማው እየሳሳ፣ ዛፉ እየበዛ ይሄዳል። ኤልማ የምትባለው ትንሽ ከተማ ጋ ስንደርስ በስተግራችን፣ ከደኑ ራስ በላይ፣ ሁለት የኮንክሪት ማማዎች ብቅ አሉ። ወገባቸው ሰብሰብ፣ አፋቸው ከፈት ያለ ነው። እንፋሎት አይወጣቸውም፤ ወጥቷቸውም አያውቅም። የሳትሶፕ ኑክሌር ኃይል ማመንጫ ማቀዝቀዣዎች ናቸው። ግንባታው በ1970ዎቹ ተጀምሮ በ1980ዎቹ መጀመሪያ ገንዘብ አጠረውና ማማዎቹ እንደተገተሩ ቀሩ። (ካላመለከትኩ በቀር ዓመቶቹን የምጽፈው በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው።)

መኪናውን የሚነዳው የአክስቴ ልጅ ነው። በአገጩ ወደ ማማዎቹ እየጠቆመ፣ "እግዜር ነው ያተረፈን" አለ። "ልክ እዚህ ላይ ሊያስቀምጡት ነበር'ኮ።"

ማጋነኑ አይደለም። ማመንጫው በሚታቀድበት ጊዜ ይህ ዳርቻ ሰላማዊ ነው ተብሎ ይታመን ነበር። ከባሕሩ ወለል ሥር ሁዋን ደ ፉካ የሚባለው የምድር ቅርፊት ቁራጭ በሰሜን አሜሪካ ቅርፊት ሥር እየገባ እንደሆነ ባለሙያዎቹ ያውቃሉ። ቺሊም፣ ጃፓንም፣ አላስካም እንዲህ ናቸው፤ ሦስቱም በታላላቅ ርዕደ መሬት የታወቁ ናቸው። የዚህ ዳርቻ የተጻፈ ታሪክ ግን የሚጀምረው የአውሮፓ መርከበኞች ከመጡበት ከ18ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ ነው፤ በዚያ ታሪክ ውስጥ ደግሞ እንዲህ ያለ ነገር የለም። ስለዚህ ብዙዎቹ፣ እዚህ ቅርፊቶቹ ሳይያያዙ በለሆሳስ ይንሸራተታሉ ወደሚለው አዘነበሉ። በ1984 ቶማስ ሂተንና ሂሮ ካናሞሪ የተባሉ ተመራማሪዎች አካባቢውን ከሌሎቹ ጋር አስተያይተው፣ ጸጥታው ሊያታልል ይችላል ብለው ጻፉ። ክርክሩ ጥሩ ነበር፤ በእጅ የሚጨበጥ ማስረጃ ግን አልነበረውም። ማስረጃው የተቀመጠው ጭቃ ውስጥ ነው፤ እኛም የምንሄደው ወደዚያው ጭቃ ነበር።

ኮፓሊስ ወንዝ ትንሽ ወንዝ ነው። ከዳርቻው ደን ተነሥቶ፣ በሣር ረግረግ ውስጥ እየተጥመለመለ፣ በአሸዋው መካከል ወደ ውቅያኖሱ ይገባል። ባሕሩ ሲሞላ ወንዙ ወደ ኋላ ይፈሳል፤ ሲጎድል ደግሞ ዳርና ዳሩ ተራቁቶ ግድግዳ የሚያህል ጭቃ ይቀራል። ታንኳ ተከራይተን በሙላቱ ገባን። መቅዘፉን ለአክስቴ ልጅ ተውኩለት፤ እሱም ያለ ማቋረጥ ያማርር ነበር። ዝናቡ አልዘነበም አይባልም፣ ዘነበም አይባልም፤ በዚያ አገር አየሩ ራሱ እርጥብ ነው።

ከጥቂት ጊዜ በኋላ ረግረጉ ሰፋ፤ ዛፎቹም ታዩን። ግራጫ ናቸው። ቅጠልም፣ ቅርፊትም፣ ቅርንጫፍም የላቸውም። ራሳቸው ተሰብሯል፤ ግንዳቸው በዝናብና በነፋስ ተፍቆ እንደ አጥንት ነጥቷል። በዙሪያቸው ከሣር በቀር ምንም ስለሌለ፣ ከሩቅ ሲታዩ ደን የነበሩ ሳይሆኑ ሰው አምጥቶ የተከላቸው ይመስላሉ። የአገሩ ሰው የመናፍስት ደን ይለዋል። ዛፎቹ ቀይ ዝግባ ናቸው፤ በዘራቸው ለኛው ጽድ ዘመድ ናቸው። ጽድ አጥር ሆኖ፣ የቤተ ክርስቲያን ምሰሶ ሆኖ ስንት ትውልድ እንደሚሻገር የባላገር ልጅ ሁሉ ያውቃል፤ የእነዚህም እንጨት እንዲሁ አይበሰብስም። አብረዋቸው የሞቱት ሌሎች ዛፎች ግን ከመሬት በላይ ያለው አካላቸው ጠፍቷል፤ የተረፈው ጭቃው የሸፈነው ጉቶና ሥር ብቻ ነው።

ዝግባ ጨዋማ ረግረግ ውስጥ አይበቅልም። ይህ መሬት አንድ ጊዜ ደረቅ ደን ነበረ ማለት ነው። ምን አወረደው?

ባሕሩ መጉደል ሲጀምር ታንኳዋን ወደ ዳር አስጠጋናት። የጭቃው ግድግዳ ከታች ወደ ላይ ተነበበልን። ከታች ጠቆር ያለ፣ የሣር ሥርና የዛፍ ሥር የሞላበት አፈር አለ፤ የድሮው ደን ወለል ነው። በላዩ ቀጭን የአሸዋ መስመር። በአሸዋው ላይ ደግሞ እስከ አናቱ ድረስ ግራጫ የባሕር ደለል። ጣቴን በአሸዋው መስመር ላይ አሳለፍኩ፤ ደለሉ እንደ ቅቤ ሲለሰልስ አሸዋው ይሻክራል። በጥቁሩ አፈርና በአሸዋው መካከል ያለው ድንበር በቢላ የተቆረጠ ያህል ጥርት ያለ ነው። መሬቱ ቀስ በቀስ ሰምጦ ቢሆን ኖሮ አንዱ ወደ ሌላው እየደበዘዘ ይገባ ነበር። እዚህ ግን ትናንት ደን የነበረው ዛሬ የባሕር ወለል ሆኗል፤ ወዲያው ደግሞ አሸዋ የተሸከመ ውሃ መጥቶ ሸፍኖታል።

አሠራሩ ይህ ነው። ሥር የሚገባው ቅርፊት በዓመት 4 ሴንቲ ሜትር ገደማ ይገፋል። ሁለቱ ቅርፊቶች የሚነካኩበት ቦታ ግን ተቆልፏል፤ ስለዚህ የላይኛው ጠርዝ ወደ ታች እየተጎተተ፣ ከኋላው ያለው የባሕር ዳር ምድር ወደ ላይ እያበጠ ይሄዳል። ለመቶዎች ዓመታት እንዲህ ይጠራቀማል። አንድ ቀን ቁልፉ ይበጠሳል። ጠርዙ ወደ ባሕሩ ይወረወራል፣ በላዩ ያለውን ውሃ ያነሣል፤ ያበጠው የባሕር ዳር ደግሞ እስከ ሁለት ሜትር ድረስ ቁልቁል ይወርዳል። መንቀጥቀጡ ደቂቃዎች ይቆያል። ዳርቻው ላይ ያለ ሰው ነፍስ ሳይዘራ፣ ሩብ ሰዓት ወይም ግማሽ ሰዓት ቆይቶ፣ ውሃው ይደርሳል።

የአክስቴ ልጅ ይህን ስነግረው የጠየቀኝ ስለ አገር ቤት ነበር። "የኛስ እንደዚህ ነው?" አለ። የኛ ተቃራኒው ነው። ስምጥ ሸለቆ ላይ ምድር የምትለያየው እየተገፋች ሳይሆን እየተሳበች ነው፤ በ2005 አፋር ውስጥ ዳባሁ አጠገብ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ርዝመት ባለው መስመር ምድሪቱ በሜትሮች ተከፍታለች። በ2017 ዓ.ም. በፈንታሌና በዶፈን አካባቢ ወራት የቆየው መንቀጥቀጥም ከዚሁ መሳሳብ የመጣ ነው። ሰው ከቤቱ አፈናቅሏል፣ ቤት ሰንጥቋል፣ አዲስ አበባ ድረስ አልጋ ነቅንቋል። ነገር ግን በዚያ ቀጭንና ትኩስ ቅርፊት ላይ 1,000 ኪሎ ሜትር የሚያህል ቁልፍ አይጠራቀምም። እዚህ ግን የተቆለፈው መስመር ከሰሜን ካሊፎርኒያ እስከ ካናዳው ቫንኩቨር ደሴት ይዘልቃል።

ይህን ጭቃ ማንበብ የጀመረው ብራያን አትዎተር የተባለ የአሜሪካ ጂኦሎጂ ቅየሳ ድርጅት ባለሙያ ነው። በ1986 በዋሽንግተን ግዛት ሰሜን ምዕራብ ጫፍ፣ በኒያ ቤይ አካባቢ ዋች በሚባል ሸለቆ ውስጥ በአካፋ ሲቆፍር በአሸዋ የተቀበረ የረግረግ ሣር አገኘ። በዓመቱ ግኝቱን አሳተመ፤ ከዚያም በኮፓሊስና በሌሎች ወንዞች ዳር እየዞረ ያንኑ ንብርብር ደጋግሞ አየው። ይህ ሰው ይማርከኛል። በዚያ ዘመን የርዕደ መሬት ሳይንስ የመሣሪያና የሒሳብ ሥራ ነበር፤ እሱ ግን በታንኳ እየሄደ የወንዝ ዳር በአካፋ ይልግ ነበር።

የቀረው ጥያቄ መቼ የሚለው ነው። የተቀበሩት ሣሮችና ሥሮች በሬዲዮካርቦን ሲለኩ ከ1700 ወዲህና ወዲያ ባሉ ጥቂት አሥርት ዓመታት ውስጥ ይወድቃሉ። ከዚያ በላይ ማጥበብ አይቻልም። ሳይንቲስቶቹ ሌላ አገር ያለ ሰው መልሱን ጽፎ ያስቀመጠላቸው መሆኑን አላወቁም ነበር። የጻፈውም ሰው መልስ እየጻፈ መሆኑን አላወቀም።

ጃፓን ውስጥ ዘመኑ ገንሮኩ ይባላል፤ የዘመኑ 12ኛ ዓመት፣ 12ኛው ወር፣ 8ኛው ቀን ነው። እኩለ ሌሊት ገደማ በሰሜን ምሥራቁ ዳርቻ ኩዋጋሳኪ በምትባል የአሣ አጥማጆች መንደር ባሕሩ ወደ ቤቶቹ ገባ። 13 ቤቶችን ውሃ ወሰደ። በግርግሩ እሳት ተነሥቶ ሌላ 20 ቤት በላ። የአካባቢው ሹማምንት ለተፈናቀሉት ሩዝ ሰጡ፤ ለመጠለያ የሚሆን እንጨትም ከበላይ ጠየቁ፤ ይህም ሁሉ ተጻፈ። ወደ ደቡብ ወረድ ብሎ በሌሎች ወደቦችም እርሻ ተጥለቀለቀ። ሚሆ የምትባል መንደር ሹም ያስተዋለውን ሲያሰፍር ግራ መጋባቱን አልደበቀም። የጃፓን ሰው ሱናሚን ያውቃል፤ ምድር ትንቀጠቀጣለች፣ ከዚያ ባሕር ይመጣል። በዚያ ሌሊት ግን ምድር አልተንቀጠቀጠችም። ወላጅ የሌለው ማዕበል ነበር።

ያ መዝገብ እንደ ተቀመጠ 300 ዓመት ሊሞላው ሲል፣ በ1996፣ ኬንጂ ሳታኬና ባልደረቦቹ አነሡት። አውሎ ነፋስ ነው እንዳይባል በጣም ተራርቀው ያሉ ወደቦች በአንድ ሌሊት ያዩት ነው። ከደቡብ አሜሪካ መጣ እንዳይባል የዚያ ዘመን የፔሩና የቺሊ ታሪክ እንዲህ ያለ ነገር አይናገርም። የቀረው ይህ ዝም ያለ ዳርቻ ብቻ ነው። ሱናሚ ፓስፊክን ለማቋረጥ አሥር ሰዓት ያህል ይፈጅበታል፤ ያንን ሲቀንሱ ጃንዋሪ 26 ቀን 1700፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ገደማ ላይ ደረሱ። ከማዕበሉ ቁመት ተነሥተውም የርዕደ መሬቱን መጠን 9 ገደማ አሉት። ይህ መለኪያ አንድ ቁጥር በጨመረ ቁጥር የሚለቀቀው ኃይል በ30 እጥፍ ገደማ ያድጋል፤ ስለዚህ 6 ብሎ የለመደ ጆሮ 9ን እንደ አንድ ተኩል እጥፍ አድርጎ እንዳይሰማው።

ቀኑን በኛ ስሌት ሳስላው፣ አንድ ደስ የሚል ነገር አገኘሁ። ሲያትል አካባቢ ከምሽቱ 3 ሰዓት ሲሆን አገራችን ነግቷል። ዕለቱ ጥር 21 ቀን 1692 ዓ.ም. ነበር፤ አስተርዮ ማርያም። ጎንደር ላይ ዐፄ ኢያሱ አድያም ሰገድ ነግሠዋል፤ እሳቸውን ሊያክም የመጣው ፈረንሳዊው ሐኪም ፖንሴም በዚያው ወራት በከተማው ነበር። ካህናቱ ማሕሌቱን ጨርሰው ሕዝቡ ታቦት ሊያነግሥ ሲሰበሰብ፣ በምድር ሌላኛው ገጽ የኮፓሊስ ዝግባዎች ሥራቸው ጨው ውስጥ ገባ። ከዚህ ምንም መደምደሚያ አላወጣም። ቀን ግን ከቀን ጋር ሲገናኝ ታሪክ ወደ ሰው ይቀርባል።

ያም ሆኖ የሳታኬ ቀን በመጀመሪያ መላ ምት ነበር። ዛፎቹ ራሳቸው መጠየቅ ነበረባቸው። ቆመው የቀሩት ግንዶች የውጭ ቀለበታቸው በዝናብ ስለተፋቀ የሞቱበትን ዓመት በትክክል መናገር አይችሉም። ዴቪድ ያማጉቺና ሌሎች ባለሙያዎች ስለዚህ ወደ ሥራቸው ወረዱ። ደለሉ የሸፈነው ሥር ቅርፊቱ እንኳ አልተነካም። የሥሩን ቀለበት በዚያው አካባቢ በሕይወት ካሉ ረጅም ዕድሜ ያላቸው ዝግባዎች ቀለበት ጋር ሲያነጻጽሩት፣ የመጨረሻው ቀለበት የ1699 ሆኖ ተገኘ። ዛፎቹ የ1699ን የእድገት ወራት ጨርሰዋል፤ የ1700ን ግን አልጀመሩም። ክረምት ላይ ሞቱ። ውጤቱ በ1997 ታተመ፤ የጃፓኑ ጸሐፊና የዋሽንግተኑ ዛፍ ሳይተዋወቁ አንድ ዓይነት ቃል ሰጡ።

በዚህ ታሪክ ውስጥ እኔን የሚገርመኝ ኃይሉ አይደለም፤ ጸሐፊዎቹ ናቸው። የኩዋጋሳኪን ጉዳት የመዘገበው ሰው ስለ ሳይንስ አላሰበም። የሚያሳስበው የሩዙና የእንጨቱ ሒሳብ ነው። ያ ሒሳብ ግን ቀን አለው፣ ሰዓት አለው፣ የቤት ቁጥር አለው። የሚሆው ሹም ደግሞ ያልገባውን ነገር እንዳልገባው አድርጎ ጻፈው፤ ያለፈ ታሪክ ሰብስቦ ማብራሪያ አልፈበረከለትም፣ የእግዜር ቁጣ ነው ብሎም አልዘጋውም። በኛም አገር ፒዬር ጉዋን የተባሉት የአዲስ አበባ ጂኦፊዚክስ ታዛቢ ጣቢያ መሥራች የኢትዮጵያንና የአፍሪካ ቀንድን የርዕደ መሬት ታሪክ በ1979 ሲያሳትሙ ከዜና መዋዕልና ከመንገደኞች ማስታወሻ እየለቀሙ ነበር። የለቀሙት እነዚያን ዓይነት ሰዎች የጻፉትን ነው።

አክስቴም ከነሱ ወገን ናት። ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ትኖራለች። የፈንታሌው መንቀጥቀጥ በበረታበት ሰሞን ግድግዳዋ ላይ በተሰቀለው ካላንደር፣ ከማኅበርና ከጽዋ ተራ አጠገብ፣ በእስክርቢቶ "ሌሊት 7 ሰዓት፣ ብርጭቆ ጮኸ" ብላ ጽፋለች። ልጇ ፎቶውን በስልኩ አሳየኝ። "ለማን ነው የምትጽፊው ብላት፣ 'እንዳልረሳው ነዋ' አለችኝ" ብሎ ሳቀ። እኔ ግን የሳቅ ጉዳይ አልመሰለኝም።

አሁን ወደማይመቸኝ ክፍል ልምጣ። እስካሁን የተረኩት፣ ዳርቻው ዝም ብሎ ኖሮ ሳይንስ አናገረው የሚል ይመስላል። ዳርቻው ግን ዝም አላለም ነበር። በ1864 ጄምስ ስዋን የተባለ በኒያ ቤይ የሚኖር አሜሪካዊ መምህር፣ ቢሊ ባልች ከተባለ የማካ ሕዝብ ታላቅ ሰው የሰማውን በማስታወሻ ደብተሩ ጻፈ። ባሕሩ ከኒያ ቤይ ሸሽቶ፣ ተመልሶ መጥቶ የዋችን ሜዳ አቋርጦ እንደ ፈሰሰ፣ ታንኳዎች ዛፍ ላይ እንደ ቀሩ፣ ብዙ ሕዝብ እንዳለቀ ነገረው። ዋች አትዎተር ከ122 ዓመት በኋላ አካፋውን የተከለበት ያው ሸለቆ ነው። በቫንኩቨር ደሴት ላይ ያሉት ሁ-ኡ-አይ-አት የሚባሉት ሕዝቦችም ስለ ፓቺና ቤይ ይተርካሉ፤ ሉዊስ ኑክሚስ የተባሉት አለቃ በ1964 እንደ ተናገሩት፣ ምድር የተንቀጠቀጠችው ሌሊት ሰው ከተኛ በኋላ ነው፤ ዝቅ ብለው ዳር ላይ የነበሩት አለቁ፣ ከፍ ካለ ቦታ የነበሩት ተረፉ። በመላው ዳርቻ ደግሞ የነጎድጓድ ወፍና ዓሣ ነባሪ ሲታገሉ ምድር ስትናወጥ፣ ባሕር ሲወጣ የሚተርክ ታሪክ አለ።

ሌሊት ነው፤ ክረምት ነው፤ ምድር ተንቀጠቀጠች፤ ባሕር መጣ። ከዚህ በላይ ምን ይበል? ሩት ሉድዊን የተባሉት የዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ የርዕደ መሬት ባለሙያ እነዚህን ትረካዎች አንድ ላይ ሰብስበው በ2005 ሲያሳትሙ ቀኑ አስቀድሞ ታውቆ ነበር። ትረካው መጨረሻ ላይ መጣ፣ እንደ ማጠናከሪያ። ተረት ብቻውን ዓመት አይሰጥም፣ ያ እውነት ነው። ቢሆንም የኑክሌር ማመንጫ ለማቆም ቦታ የመረጡት ሰዎች ሰፈሩን የሚያውቁ ሽማግሌዎችን ቢጠይቁ ቢያንስ አንድ ጥርጣሬ ያተርፉ ነበር። የስዋን ደብተር እንኳ በእንግሊዝኛ የተጻፈ ነው።

ከኮፓሊስ ወደ ሰሜን ታሆላ የምትባለው የክዊኖልት ሕዝብ መንደር አለች። የክዊኖልት ወንዝ ከባሕሩ ጋር በሚገናኝበት ዝቅተኛ መሬት ላይ ተቀምጣለች። ሕዝቡ መንደሩን ወደ ላይኛው ኮረብታ ለማዛወር ከወሰነ ቆይቷል፤ ሥራው የሚሄደው ግን በገንዘቡ ልክ ነው፣ ገንዘቡ ደግሞ በቶሎ አይመጣም። እኛ ወደ ደቡብ ዞርን። በመንገዱ ላይ ሰማያዊና ነጭ ምልክቶች ተተክለዋል፤ ማዕበል ከኋላው የሚያሳድደው ሰው ዳገት ሲወጣ ያሳያሉ። ችግሩ በብዙ ቦታ ዳገት የሚባል ነገር የለም። አሸዋ ነው፣ ረግረግ ነው፣ ከዚያ አሸዋ ነው።

ዌስትፖርት እንዲህ ካሉት አንዷ ናት። ነዋሪዎቹ በ2013 ድምፅ ሰጥተው፣ ከኪሳቸው ግብር ከፍለው፣ ትምህርት ቤት ሲሠሩ ዳገቱንም አብረው ሠሩ። ኦኮስታ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በ2016 ተከፈተ። በሰሜን አሜሪካ ሰው ወደ ላይ ወጥቶ ከሱናሚ እንዲያመልጥ ታስቦ የተሠራ የመጀመሪያው ሕንፃ ነው። ከውጭ ሲያዩት ተራ የገጠር ትምህርት ቤት ነው፤ ልብ ሲሉት ግን የጂምናዚየሙ ማዕዘኖች ላይ ያሉት ወፋፍራም የደረጃ ማማዎች ከቀረው ሕንፃ ጋር አይመጣጠኑም። የአሸዋው መሠረት ቢታጠብ እንኳ እንዲቆም ምሰሶዎቹ ወደ ጥልቅ ወርደዋል። ጣሪያው ከ1,000 ሰው በላይ ይይዛል። በአቅራቢያው ቶክላንድ ላይ ደግሞ የሾልዋተር ቤይ ሕዝብ በ2022 ለብቻው የቆመ የማምለጫ ማማ አስመርቋል።

በትምህርት ቤቱ አጥር ዳር ልጅዋን የምትጠብቅ አንዲት እናት አገኘን። ለምን እንደመጣን ስንነግራት አልገረማትም፤ ብዙ ሰው ይመጣል አለች። ልጆቹ ደረጃውን በልምምድ እንደሚወጡት፣ የእሷም ትንሿ ልጅ ወደ ባሕር ዳር ሲሄዱ ሁልጊዜ "የሚቀርበው ከፍታ የቱ ነው?" እያለች እንደምትጠይቅ ነገረችን። የአክስቴ ልጅ ይህን ሲሰማ ፊቱ ተለወጠ። እሱም ሁለት ልጆች አሉት።

የርዕደ መሬትን ነገር እሱ በወሬ አይደለም የሚያውቀው። ፌብሩዋሪ 28 ቀን 2001፣ ከረፋዱ 4 ሰዓት ከ54 ደቂቃ ላይ ኒስኳሊ የተባለው፣ መጠኑ 6.8 የሆነ ርዕደ መሬት ሲያትልን ሲመታ መሀል ከተማ ነበር። ጡብ ከፎቅ ሲወርድ፣ መኪና ሲጨፈልቅ አይቷል። "በስመ አብ እያልኩ መሀል መንገድ ቆምኩ፤ አሜሪካኖቹ ደግሞ በር ሥር ተኮራመቱ" ይላል። ያ ርዕደ መሬት ከ50 ኪሎ ሜትር በላይ ጥልቀት የነበረው፣ ቁልፉንም ያልነካ፣ ከደቂቃ ያልዘለለ ነው። የቀጣዩ የትልቁ ቀን አይታወቅም። የኦሪገን ስቴት ዩኒቨርሲቲው ክሪስ ጎልድፊንገርና ባልደረቦቹ በባሕሩ ወለል ያለውን ደለል ቆጥረው ባለፉት 10,000 ዓመታት ገደማ 41 ርዕደ መሬቶች አግኝተዋል፤ ግማሽ ያህሎቹ መስመሩን ከሞላ ጎደል ከጫፍ እስከ ጫፍ የበጠሱ ናቸው። ክፍተታቸው እኩል አይደለም፤ "ጊዜው ደርሷል" የሚለው ወሬ ከዚህ ቆጠራ አይወጣም፣ "ገና ነው" የሚለውም አይወጣም።

ሱናሚው ሲያትል ላይ የውቅያኖሱን ዳርቻ ያህል አያስፈራም። እዚያ የሚያስፈራው ጡብ ነው። ከተማዋ ብረት ያልገባባቸው ከ1,000 በላይ አሮጌ የጡብ ሕንፃዎች አሏት፤ ከነሱ መካከል ብዙዎቹ ኪራያቸው ቀለል ስለሚል ስደተኛ የሚኖርባቸው፣ ሱቅና ምግብ ቤት የሚከፍትባቸው ናቸው። ከተማው ይህን ዝርዝር አውጥቶ ማንም እንዲያየው አድርጓል። እንዲጠገኑ የማስገደዱ ጉዳይ ግን ለዓመታት ሲጎተት ኖሯል፤ ባለቤቱ ወጪውን ይፈራል፣ ተከራዩ ኪራይ ይጨመርብኛል ብሎ ይፈራል። ሁለቱም ፍርሃታቸው እውነት ነው።

ወደ መኪናው ስንመለስ የአክስቴ ልጅ ቁልፉን ሰጠኝና እኔ እንድነዳ ጠየቀኝ። እሱ በስልኩ ዝርዝሩን ከፍቶ የሚያውቃቸውን አድራሻዎች አንድ በአንድ መፈለግ ጀመረ፦ የሚኖርበትን ሕንፃ፣ እሁድ እሁድ ቡና የምንጠጣበትን ቤት፣ የልጆቹን ትምህርት ቤት። የሚኖርበት የለም። ትምህርት ቤቱም የለም። ቡና ቤቱ ግን አለ።

"ለባለቤቷ እነግራታለሁ" አለ። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ፣ "ምን ብዬ?" አለኝ።